ውል የሌላቸው አምስት ቀናት

«ደብተሩን ብቻ ይስጡኝና ልሂድ፤ ሻዩም ይቅርብኝ» አለ የአየር ጠባይ ጣቢያው ኃላፊ፣ ሐዘንተኞቹ እንዳይሰሙት ወደ ሟቹ ሚስት ጆሮ ጠጋ ብሎ።

ባሏ ከተቀበረ ሦስተኛ ቀኑ ነው። ቤቱ ከጎረቤት በተለቃቀሙ ወንበሮች ተጨናንቋል። ኃላፊው ዓይኑን በጨው አጥቦ መጥቶ፣ «ነፍስ ይማር» ካለ ገና ወንበሩ ሳይሞቅለት ነው የዝናብ መመዝገቢያውን ደብተር የጠየቃት። ደብተሩ ደግሞ እሷ የተደገፈችው ትራስ ስር ነው።

«ነገ ፍርድ ቤት ቀጠሮ እንዳለን ያውቃሉ?» አለችው።

«አውቃለሁ። እሱን ለዛሬ እንተወው። እኔ የወሩ ሪፖርት ጎድሎብኝ ነው።»

ትራሱን ይበልጥ ተደገፈችው። እሱም ሰው ስላየው ወደ ወንበሩ ተመለሰ።

ባሏ ከቤታቸው ጀርባ ካለው ዳገት ላይ የተተከለውን የዝናብ መለኪያ አሥራ ስድስት ዓመት ሙሉ በየማለዳው ሲያነብ የኖረ ሰው ነበር። አሥራ ስድስቱንም ዓመት ጊዜያዊ ሠራተኛ ነው። ዓመት በመጣ ቁጥር ውሉ ያልቃል፣ አምስት ቀን ቤትህ ተቀመጥ ይሉታል፣ በስድስተኛው ቀን ጠርተው አዲስ ውል ያስፈርሙታል። የአምስቱ ቀን ነገር የገባው ቆይቶ፣ ቋሚ ልሁን ብሎ ሲከሳቸው ነው። «አገልግሎቱ በየዓመቱ የተቋረጠ ስለሆነ ቋሚነት ሊጠይቅ አይችልም» ብለው መልስ ሰጡ። የመሥሪያ ቤቱ ሰዎች «አቶ አምስት ቀን» የሚል ስም አወጡለት። እሱም አብሯቸው ይስቅ ነበር። ቤት ሲገባ ግን ጫማውን ሳያወልቅ ብዙ ይቀመጣል፤ ያኔ አንጀቷን ይበላታል።

ዝናቡ ግን ውል አልቋል ብሎ አያቋርጥም። «የአንድ ቀን ቁጥር ከጎደለ የዓመቱ ድምር ውሸት ነው» ይልና በአምስቱም ቀን ካፖርቱን ደርቦ ዳገቱን ይወጣል፣ የቱቦውን ውኃ አንብቦ ይደፋል። ብዕሩ በዝናብ ስለማይጽፍለት ቁጥሩን ከላይ ሆኖ ጮክ ብሎ ይነግራታል፤ እስኪወርድ እንዳይረሳው እሷ በር ላይ ቆማ «ሰማሁ» ብላ ትደግምለታለች። «ፀሐፊዬ» እያለ ያሾፍባታል። ወርዶ ቁጥሩን ይጽፍና የአንባቢው ስም የሚሞላበትን ቦታ ባዶ ይተወዋል። በነዚያ ቀናት ሠራተኛ አይደለማ።

የሞተውም ከአምስቱ ቀናት በሦስተኛው ነው። «አሥራ ሁለት ነጥብ አራት» ብሎ ተጣራ፣ እሷም «ሰማሁ፣ አሥራ ሁለት ነጥብ አራት» አለች። ከዚያ አልወረደም። ጭቃው አንሸራትቶት ከድንጋዩ ስር አገኙት። መሥሪያ ቤቱ የላከው የሐዘን ደብዳቤ «የቀድሞ ጊዜያዊ ሠራተኛችን» ይላል። ዛሬ ቢኖር አዲስ ውል የሚፈርምበት ቀን ነበር።

የጣቢያው ዘበኛ ብርጭቆ የሚሰበስብ መስሎ አጠገቧ ጎንበስ አለ። እሱም ጊዜያዊ ነው፣ ከባሏ ጋር አብሮ ከስሷል።

«እህት ዓለም፣ እንዳትሰጪው። በአምስቱ ቀን መሥራቱን የሚያሳይ ከዚህ ከእጅ ጽሑፉ ሌላ ወረቀት የለንም። እንደውም ባዶ ባዶውን ቦታ ዛሬ ስሙን እንሙላበት። ማን ያውቃል?»

«እሱ ያልጻፈውን እኔ አልጽፍም።»

«እኔ እኮ ላንቺው ብዬ ነው።»

«አውቃለሁ፣ ወንድሜ። ተወው።»

ዘበኛው ብርጭቆዎቹን ይዞ ሄደ። ኃላፊው ሰዓቱን አየና እንደገና ተጠጋት።

«ደብተሩ እኮ የመንግሥት ንብረት ነው።»

«እሱስ የማን ነበር?»

ኃላፊው ክፉ ሰው አይደለም፤ የበላዮቹን የሚፈራ ሰው ነው። «አሁን ቋሚ ቢባል ምን ይጠቅመዋል?» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

«እሱን አይጠቅመውም። እኔን ጡረታው ይጠቅመኛል። ከጡረታው በፊት ግን ‹የቀድሞ› የምትለዋ ትነሳልኝ። ያን ቀን ዳገት ላይ የወጣው የእናንተን ዝናብ ሊያነብ ነው።»

ኃላፊው ባርኔጣውን በእጁ አዟዟረው። ሲነሳ፣ አላስችል ብሎት ይመስላል፣ «የዚያን ቀን ስንት ነበር?» አላት።

«ነገ ዳኛው ፊት እነግርዎታለሁ።»

በማግሥቱ ጠዋት ጥቁር ልብሷን ለብሳ ደብተሩን በፌስታል ጠቀለለችው። ዘበኛው መንገድ ላይ እየጠበቃት ነው። እሷ ግን በጓሮ በኩል ዞረችና ዳገቱን ወጣች። ጭቃው ሁለት ጊዜ አንሸራተታት። መለኪያውን እሱ ከሞተ ወዲህ የነካው የለም። የመስታወቱን ቱቦ ከማቀፊያው መዘዘችና እሱ እንደሚያደርገው ከዓይኗ ትይዩ አቆመችው። የአራት ቀን ውኃ ነው፤ የትኛው የየትኛው ቀን እንደሆነ መለየት አይቻልም።

ፊቷን ወደ ቤቱ አዞረች። በሩ ክፍት ነው፣ ባዶዎቹ ወንበሮች ይታያሉ።

«አሥራ ዘጠኝ ነጥብ ሁለት» ብላ ተጣራች።

እሱ ይጠብቅ እንደነበረው ቆማ ጠበቀች። ከበሩ ማንም አልመለሰላትም።

«ሰማሁ» አለች ቀስ ብላ፣ ውኃውንም ደፋችው።