ሁለት መቶ አሥራ አራተኛው ስህተት

ቶሚዬ ሂኖሺታ በጃፓኗ ኮቺ ለሠላሳ ሰባት ዓመት ቤዝቦልን በሬዲዮ አስተላልፈዋል። ባለፈው ሐምሌ ጡረታ ሊወጡ አንድ ጨዋታ ብቻ ቀርቷቸው ነበር፤ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የአውራጃ ፍጻሜ። ያሸነፈ ለአገር አቀፉ ውድድር ኮሺየን ይሄዳል፣ የተሸነፈ ቤቱ ገብቶ ለፈተና ያጠናል። እኔ ለዚያው ጣቢያ ቴሌቪዥን ስለ እሳቸው የመጀመሪያዬን ዘጋቢ ፊልም እየሠራሁ ነበር። የጎደለኝ መዝጊያው ነው።

በመጨረሻው፣ በዘጠነኛው ዙር፣ የሺራሱ ትምህርት ቤት ልጆች በአንድ ነጥብ ይመሩ ነበር። አንድ ተጫዋች ብቻ ማስወጣት ቀርቷቸዋል፤ የተመታች ኳስ መሬት ሳትነካ ከተያዘች መቺው ወጣ ማለት ነው። የተጋጣሚያቸው የካሚታኒ መቺ ኳሷን ወደ ቀኝ ጥግ ላካት፤ የሺራሱ ልጅ ተወርውሮ በጓንቱ ቀለባት። ቶሚዬ «ያዛት፤ ሺራሱ ኮሺየን ገባ» አሉ። ልጁ መሬት ሲመታ ኳሷ ከጓንቱ ወጥታ ሣሩ ላይ ተንከባለለች። ሁለት የካሚታኒ ልጆች ሮጠው ገብተው ሁለት ነጥብ አስቆጠሩና ጨዋታው ተገለበጠ።

ቶሚዬ ድምፃቸውን እንኳ ሳይቀይሩ «ተሳስቻለሁ፤ አልያዛትም» ብለው የሯጮቹን ሩጫ ማስተላለፍ ቀጠሉ።

ሺራሱ ወደብ ላይ ግን አንድ ዓሣ ነጋዴ «ገባ» ሲባል ሰምቶ ሳኬ የሚባለውን የሩዝ መጠጥ በርሜል በመዶሻ ከፍቶ ለጎረቤት ማደል ጀምሮ ነበር። ከሰዓት በኋላውን ሙሉ የጣቢያችን ስልክ በቅሬታ ጮኸ።

«ካናኤ፣ ያንን ቁረጪው» አለኝ የፕሮግራም ኃላፊው አሺሃራ።

«ምኑን?»

«ስህተቱን ነዋ። ሴትዮዋን በመጨረሻ ቀናቸው ልታዋርጃቸው ነው? ስቱዲዮ ይግቡና እንደገና ይበሉት። የሕዝቡን ጩኸት ከሥሩ ታስገቢበታለሽ። አለዚያ ፊልሙ አይተላለፍም።»

ተስማማሁ። ሁለት ዓመት ለፍቼበታለሁ፤ እንዲተላለፍ እፈልግ ነበር።

ቶሚዬ ማክሰኞ መጡ። የሚያነቡትን ወረቀት ሰጠኋቸው።

«ማን ጻፈው?»

«እኔ።»

«ጥሩ ትጽፊያለሽ። ልጁ ግን አልያዛትም።»

«እትዬ ቶሚዬ፣ ሁለት ደቂቃ ነው የሚፈጀው።»

ከቦርሳቸው የጨዋታ መዝገባቸውን አወጡ። አስተላላፊ ሁሉ እያንዳንዷን ምት በእርሳስ እየመዘገበ እንደሚናገር አውቃለሁ። ከገጹ ግርጌ ያለውን ቀይ ጽሑፍ ግን አላውቅም ነበር። ቤዝቦል የተጫዋቾችን ስህተት ቆጥሮ ሰሌዳ ላይ የሚሰቅል ጨዋታ ነው፤ እሳቸው የራሳቸውንም ቆጥረዋል። «ቁጥር 214። ዘጠነኛ ዙር። ሳላረጋግጥ ያዛት አልኩ።»

«ሁልጊዜ እንዲህ ይጽፋሉ?»

«ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ። የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ ኳስ ሲያመልጠው ስሙን ጠርቼ፣ እናቱ እየሰማች፣ ተሳሳተ እላለሁ። የራሴን ደብቄ የእሱን በየትኛው አፌ ነው የምጠራው?»

«እኔኮ ላዋርድዎት ፈልጌ አይደለም።»

«ማን ተዋረደ?» አሉ ቀና ብለው። «ሁለት መቶ አሥራ አራቱንም እዚያው አየር ላይ አርሜአለሁ። አንዱንም ሌላ ሰው አላረመልኝም። እንዲህ የሚል አስተላላፊ ካለሽ አምጪልኝ።»

አልነበረኝም። መዝገቦቹን ሁሉ ተውሼ አሺሃራ ጠረጴዛ ላይ ከመርኳቸው።

«ስህተቱ አይቆረጥም። እነዚህም ፊልሙ ውስጥ ይገባሉ።»

«ከነገርኩሽ በኋላ?»

«ካልፈለጉ ስሜን ያውጡና ራስዎ ይቁረጡት።»

ተናዶ ገጾቹን ይገልጥ ጀመር። በዚህ አውራጃ ቤዝቦል ያልተጫወተ ወንድ የለም፤ እሱም በወጣትነቱ ተጫውቷል። የራሱን ዓመት እንደሚፈልግ ገባኝ። አገኘውና ጣቱ ቆመ። «ቁጥር 61። ኳሷን የለቀቃት አሺሃራ ነው አልኩ። ሌላ ልጅ ነበር። ወዲያው አረምኩ።»

«ያን ቀን አባቴ ሬዲዮኑን ሰምቶ በር ላይ ቆሞ ይጠብቀኝ ነበር» አለ። «“አንተ አይደለህም አሉ” ብሎ አስገባኝ።» መዝገቡን ዘጋው። «መቼ ይደርሳል ፊልሙ?»

መስከረም ላይ ተላለፈ፤ ስህተቱም እርማቱም አንድ ሰከንድ ሳይነካ። በማግስቱ ጠዋት ቶሚዬ ደወሉ።

«ለማረም አራት ሰከንድ ፈጅቶብኛል። ዘግይቻለሁ።»

«ማንም ልብ አላለውም።»

«እኔ ብያለሁ። ፊልሙ ግን ጥሩ ነው።»

«ጥሩ ብቻ?»

«ጥሩ ነው አልኩሽ። ከእኔ ሌላ ምን ትፈልጊያለሽ?»

ምንም አልፈለግሁም።