የመጀመሪያው ጎረቤት

ሩትገር እጁን ያወጣ ዕለት መንደራችን አበቃላት። የመንደራችን የሃይደንሎ ሹም እሱ ነበር፤ የመንደሩ ምክር ቤት እኩል ለእኩል ቢከፈል በእሱ ድምፅ ወደ ጎረቤታችን ከተማ፣ ወደ ሽቴርንሆፍ ተጠቃለልን። አስፋልት ይመጣል፣ ትምህርት ቤቱ ይታደሳል ብሎን ነበር። አስፋልቱ መጣ። ትምህርት ቤቱ ግን ተዘጋ፤ ስማችን የተጻፈበት ቢጫ ሰሌዳም ተነቅሎ የከተማው ተተከለ።

ባሌ ክሌመንስ «የዚህን ሰው ደጅ ሁለተኛ ብረግጥ እግሬ ይሰበር!» ብሎ ማለ። የሚለየን አንድ አጥር ነው፤ ሁለቱ ግን ደህና አደርክ እንኳ መባባል ተዉ። እኔ ዋልቡርጋና የሩትገር ሚስት ኤልስቤት በአጥሩ ላይ እንቁላልና ወሬ መቀባበላችንን አልተውንም። ወንዶች ቢኳረፉ እኛ ምን በወጣን!

ኤልስቤት ታማ ከረመችና በኅዳር ሞተች።

እኛ ዘንድ ሰው ሲሞት ሐዘንተኛው አንድ ነገር ብቻ ያደርጋል፤ የአጥር ጎረቤቱን በር ያንኳኳል። የተቀረው የዚያ ሰው ነው፤ «የመጀመሪያው ጎረቤት» እንለዋለን። ቤት ለቤት ዞሮ ያረዳል፣ ደወል ያስደውላል፣ ሳጥኑን ከራስጌ ይሸከማል። የሩትገር የመጀመሪያ ጎረቤት ባሌ ነው፤ የባሌም ሩትገር።

ክሌመንስ ቄሱ ሩትገር ቤት ገብተው ሲወጡ በመስኮት አየ። ጥቁር ልብሱን ለብሶ በሩ አጠገብ ተቀመጠ። ያን ሁሉ ጠዋት ጠበቀ፤ ያንኳኳ ሰው የለም። በኋላ ከከተማ ጥቁር መኪና መጥቶ ከሩትገር ደጅ ቆመ። ቅጥር ተሸካሚዎች ወረዱ።

ክሌመንስ ፊቱ ደም መሰለ። አጥሩን አልፎ ገባ፤ እኔም ተከተልኩት።

«ሩትገር! እኔ ሞቻለሁ እንዴ?»

ሩትገር ጢሙን እንኳ አልተላጨም። «ኧረ ክሌመንስ...»

«ታዲያ ቤቴ ጠፋህ? ምነው ባዳ ጠራህባት?»

«መንደሩን ያጠፋሁት እኔ ነኝ። መንደር ከሌለ፣ ጎረቤቴ ብዬ በየትኛው አፌ ልጥራህ?»

«አንተ ደረቅ! የሰጠኸው መንደሩን ነው። እኔን መቼ ሰጠኸኝ?»

ሩትገር እዚያው ደጃፉ ላይ ቁጭ ብሎ አለቀሰ። እኔም አለቀስኩ። ክሌመንስ ወደ ሰዎቹ ዞሮ «ሂዱ ወንድሞቼ፣ ሰው አለን» አላቸው።

ከዚያ ቤት ለቤት ዞረ። የሩትገር ስም በተነሳ ቁጥር የሚተፋው ሽማግሌው ሂነርክ እንኳ ባርኔጣውን አነሳ፤ ግን ክሌመንስን በነገር ወጋ አደረገው። «እግርህስ፣ አልተሰበረም?»

«ኤልስቤት እስክትቀበር ይታገሠኛል።»

ኤልስቤትን ሩትገር ባስመጣው አስፋልት ላይ በትከሻቸው ተሸክመው ወሰዷት። ከራስጌዋ ባሌ ነበር። ያቺን ሴት እወዳት ነበር፤ በባዳ እጅ ብትሄድ ኖሮ ዕድሜ ልኬን ይቆጨኝ ነበር።

ከቀብር ስንመለስ ሩትገር ከአጥሩ በር ላይ እጁን ዘረጋ። «ይቅር አልከኝ?»

«አላልኩም» አለ ክሌመንስ፤ እጁንም አልጨበጠውም። ጥቂት ሄድ ብሎ ግን ዞረ።

«ዋልቡርጋ መጥታ ስታንኳኳብህ ቶሎ ክፈት። ራስጌዬን የምትይዘው አንተ ነህ።»