ስድስት ሜትር ከግድግዳው

አናጢው ማስታወቂያው ከደረሰው ቀን ጀምሮ መቀመጥ አቃተው። የመብራት ኩባንያው የከፍተኛ ኃይል መስመር በጓሮው ሊያሳልፍ ነው። ሰፈሩ ከጨለማ ሊገላገል ነው ብሎ ሲደሰት፣ እሱ እህል አልወርድ ብሎት ከደጅ ጓዳ፣ ከጓዳ ደጅ ይመላለሳል።

በጓሮ በኩል ያለችው ክፍል የእናቱ ናት። ዓይናቸው ከጠፋ ስምንት ዓመት አልፏቸዋል፤ በዚያች ክፍል ውስጥ ግን መሪ አይሹም። ግድግዳውን እየዳሰሱ ከአልጋ እስከ በር፣ ከበር እስከ ውሃ ማሰሮው ይደርሳሉ። "ሌላ ቤት የወሰዳችሁኝ ቀን ያኔ ታወረች በሉ" ይላሉ።

ሕጉ ከመስመሩ ስድስት ሜትር ውስጥ ቤት አይቁም ይላል። የኩባንያው መሀንዲስ መስመሩ የሚያልፍበት ላይ ችካል ተክሎ "ስድስት ይሞላል፣ ቤቱን አይነካም" ብሎ ጽፏል። አናጢው ይህን ማመን ሞቱ ነው። ቢሮ የሚውል ሰው ልኬት ያውቃል?

ስለዚህ ራሱ ለካ። የሱ ሜትር ጫፉ ተበልቶ ካለቀ ቆይቷል፤ ከአስር ሳንቲም ጀምሮ ይለካና መጨረሻ ላይ አስሯን ይቀንሳል። አዲስ ግዛ ሲሉት "እኔና እሷ ተግባብተናል" ባይ ነው። እሱ ግድግዳው ጋ ያዘ፤ ሚስቱ ችካሉ ጋ ቆማ አነበበች።

"ስድስት ከአምስት!"

አስሯን ቀነሰና "አምስት ሜትር ከዘጠና አምስት" ብሎ ጻፈ። አምስት ሳንቲም ጎደለ! እንዲህ ደስ ብሎት አያውቅም። መስመሩ ይዛወርልኝ ብሎ ከሰሰ፤ በሰፈሩም "አስር ጊዜ ለካ፣ አንድ ጊዜ ቁረጥ ያሉት ለመሀንዲስ ነው" እያለ ሲፎክር ሰነበተ። ስንት ጊዜ እንደለካ ግን የጠየቀው የለም።

በቀጠሮው ቀን ችሎቱ ጢም ብሎ ሞልቷል፤ ግማሹ የሱ ደንበኛ ነው። የኩባንያው ጠበቃ ፈገግ ብሎ ተነሣ።

"ክቡር ፍርድ ቤት፣ የከሳሽን ልኬት ሙሉ በሙሉ ተቀብለናል።"

አናጢው ደረቱን ነፋ።

"መስመሩ ግን ተፈቅዷል፤ ሦስት ሰፈር ያቋርጣል። ስድስት ካልሞላ የሚነሣው ክፍሉ ነው። ይፍረስልን።"

ዳኛው ወደ አናጢው ዞሩ። "ለአንድ ግድግዳ ተብሎ መስመር አይጣመምም። በልኬትህ ትጸናለህ?"

ለአናጢው የእናቱ እጅ ባዶ አየር ሲዳስስ ታየው። እሱ ራሱ ነው ይህን ያመጣው፤ ማንም አላስገደደው። ከኋላው ሚስቱ ኮቱን ጎተተችው።

"ስማ፣ አስሯን እኮ ቀንሼ ነው የነገርኩህ" አለች በሹክሹክታ። "የተነበበው ስድስት ከአስራ አምስት ነበር። ሃያ ዓመት አብሬህ ኖሬ አስሯን አላውቃትም?"

አስሯ ሁለት ጊዜ ተቀንሳለች። ቢናገር መሀንዲሱ ፊት፣ ደንበኞቹ ፊት መሳቂያ ነው፤ መስመሩም በጓሮው ያልፋል። ዝም ቢል ክፍሏ ትፈርሳለች።

"ልኬቱ ተሳስቷል፣ ክቡር ዳኛ" አለ። "ስድስት ይሞላል። እንዲያውም ያልፋል።"

አዳራሹ በሳቅ አወካ። ጠበቃው ፊቱ ጠቆረ።

"ሜትሩን ያነበበው ማን ነው?" አሉ ዳኛው።

"ባለቤቴ።"

"እንግዲያ ስህተቱ የእሷ ነው?"

መውጫ በር ወለል ብሎ ተከፈተለት። አዎ ቢል ሁሉም ያምነዋል፤ ሴት ደግሞ ሜትር መች ታውቃለች ብለው ነገ በሩንም መስኮቱንም ያሠሩታል። ዞር ብሎ አያት። እሷም ይህንኑ እየጠበቀች አንገቷን ደፍታለች፤ ለምዳዋለች።

"የለም" አለ። "እሷ ልክ ናት። የተሳሳትኩት እኔ ነኝ።"

ጸሐፊው መዘገበው። ሚስቱ ቀና ብላ አፏን በእጇ ያዘች። በሃያ ዓመት ትዳር ይህችን ቃል ከአፉ ስትሰማ የመጀመሪያዋ ነበር።