ጥይሎጶኔ

ዛሬ ድምፄ ተዘግቷል። በጩኸት ነው፤ ምንም አይቆጨኝም!

ነገሩ ከአምና ይጀምራል። የወንድሜ ልጅ ሃዋኒ ከሸነን አምቦ ድረስ መጥታ የእንግሊዝኛ ቃላት ውድድር ገባች። የሚወጡት ቃላት አስተማሪው እንኳ ሰምቷቸው የማያውቅ ጉዶች ናቸው፤ ተወዳዳሪው አንብቦ ፍቺያቸውን ይናገራል። ለእሷ የደረሳት በትንንሽ መዶሻ የሚመታ የእንጨት የሙዚቃ መሣሪያ ስም ነበር፣ ዛይለፎን። ልጄ ደግሞ ንባብ የለመደችው በኦሮምኛው ቁቤ ነው። በቁቤ ኤክስ «ጥ» ነው፣ ፒ እና ኤች ሲገጥሙ «ጵ» ይሆናሉ። ደረቷን ነፋ አድርጋ «ጥይሎጶኔ!» አለቻ! አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ስሙ ሸነን ድረስ ተከትሏት ሄደ።

«አዳዳ፣ ዘንድሮም ከሳቁብኝ ሁለተኛ አምቦን አልረግጥም» አለችኝ።

እኔ አዳዳዋ፣ አክስቷ ማለት ነው፣ እንግሊዝኛ የለኝም። ቢሆንም በስልክ ስታጠና፣ ሽንኩርቴን እየመዘንኩ «ኤክስ ፊት ስትመጣ ዝ!» እያልኩ አብሬያት ከረምኩ። ደንበኞቼ አበደች ብለውኛል።

ዛሬ ከአምናው አሸናፊ፣ ከአምቦው ኢዮሲያስ ጋር እኩል ወጡ። ዳኛው መምህር ይገዙ የመለያው ቃል የተጻፈበትን ካርቶን ከፍ አደረጉት። መጀመሪያው ላይ ኤክስ! ጌታዬ!

ኢዮሲያስ ቀደመ። «ኤክሴኒያል።»

«አልሆነም። ሃዋኒ?»

ይሄኔ ከኋላ አንዱ ስድ «ጥይሎጶኔ!» ብሎ ጮኸ፤ ሳቁም ተከተለ። ደሜ ፈላ። «አፍህን ዝጋ፣ አሳዳጊ የበደለህ!» አልኩት። ወደ እሷ ዞሬም «ጀባዱ! በርቺ!» አልኳት።

ካርቶኑን ትክ ብላ አየችው። ምላሷ ለ«ጥ» ሲዘጋጅ አየሁ፤ ነፍሴ ልትወጣ ደረሰች። ከዚያ ምራቋን ዋጥ አደረገችና፣

«ዚኒያል» አለች።

«ትክክል! ፍቺውስ?»

ፊቷን ከዳኛው ወደ ሕዝቡ አዞረች። «እንግዳ ሲመጣበት በደስታ የሚቀበል ማለት ነው።» ዳኛውን ሳትጠብቅ ቀጠለች። «አምና እኔ እንግዳችሁ ነበርኩ።»

መጀመሪያ ያጨበጨበላት ኢዮሲያስ ነው፤ እናቱ ትባረክ! ከዚያ ሁሉም ተነሣ። እኔማ ወንበር ላይ ወጥቼ «ጥይሎጶኔ የኔ ልጅ ናት!» እያልኩ ስጮህ ነበር፤ ድምፄም የሄደው ያኔ ነው።