ከኋላ የሚመጣው ኮቴ

ልብስ ሰፊዋ ስትሮጥ ሐሳቧ የሚሰበሰበው አስፋልቱ አልቆ ጥርጊያው መንገድ ሲጀምር ነው። እስከዚያ ያልተተኮሰ ቀሚስና የደንበኛ ጭቅጭቅ ይከተሏታል። ከዚያ ሁሉም ጸጥ ይልና እግሯና ትንፋሿ ብቻ ይቀራሉ። ይህን ያስተማራት ታላቅ ወንድሟ ነው። «እንደ ጋሪ ፈረስ ፊት ፊትሽን እዪ! የኋላውን ለእኔ ተይው» ይላት ነበር፣ ከኋላዋ እያለከለከ።

አምና አንድ ማለዳ በሩጫው ጭልጥ ብላ ድልድዩ ጋ ስትደርስ፣ «ወንድም ጋሼ፣ ዛሬስ አየኸኝ?» ብላ ዞረች። የለም። ወፍጮ ቤቱ ፊት ለፊት፣ የመብራት ምሰሶው ሥር ወድቆ ነበር። ልቡ ነው አሉ። ሦስት ጊዜ ሲጠራት ባለ ወፍጮው ሰምቷል፤ እሷ አልሰማችም።

ከዚያ ወዲህ ሐሳቧ በተሰበሰበ ቁጥር ከኋላዋ ኮቴ ይሰማታል፤ ምሰሶው ጋ ሲደርስ ይቆማል። ዞራ ለማየት አንድም ቀን አልደፈረችም።

ዛሬ ግን ምሰሶው ጋ ቆመችና ዞረች። መንገዱ ላይ ማንም የለም። ኮቴው ግን አልቆመም፤ በአጠገቧ አልፎ ወደ ድልድዩ ገሰገሰ።

«ወንድም ጋሼ!» ብላ ሦስት ጊዜ ተጣራች።

አልሰማትም።