አማቾቹ በመክፈቻው ጨዋታ

ሽማግሌው አሰልጣኝ ያን ቀን ጠዋት ሲነሱ ሰውነታቸው የሌላ ሰው ሆኖባቸው ነበር። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጠው አንዱን ካልሲ አጠለቁና ለሌላው ትንፋሽ እስኪሰበስቡ ድረስ ግድግዳውን ሲያዩ ቆዩ። ሚስታቸው ካረፉ ወዲህ እንዲህ ሲሆኑ የሚያያቸው ሰው ቤት ውስጥ የለም። ይህም በአንድ በኩል ደግ ነው ይሉ ነበር። ዕድሜያቸውን ሙሉ ሜዳ ዳር ቆመው ሲያፏጩ ስለኖሩ ተጫዋቾቻቸው "ጋሼ ፊሽካ" ይሏቸዋል። ከቅርብ ጊዜ ወዲህ ግን ጠንከር አድርገው ከነፉ ራሳቸውን ያዞራቸዋል።

የዕለቱ ጨዋታ የአዲሱ የውድድር ዘመን መክፈቻ ነው፤ የሊጉ ሻምፒዮንና ሁለተኛ የወጣው ቡድን ለአንድ ዋንጫ የሚገናኙበት። ሁለተኛ የወጣው የእሳቸው ቡድን ነው። የሻምፒዮኑ አሰልጣኝ ደግሞ የልጃቸው ባል ነው።

አማቻቸውን ኳስ ያስተማሩት እሳቸው ራሳቸው ናቸው። ክንፍ ላይ ሲያሰልፉት ክርኑ ሰው የሚወጋ ቀጫጫ ልጅ ስለነበር "ሽቦ" የሚል ስም ወጣለት፤ ቦርጭ ሲያወጣም ስሙ አልለቀቀውም። ልጃቸውን ሲያገባ ደስ ብሏቸው ነበር። አሰልጣኝ ሲሆን ይበልጥ ደስ አላቸው። ነገር የተበላሸው ባለፈው ዓመት መጨረሻ ነው። ሽቦ በመጨረሻው ጨዋታ ዋንጫውን ከእጃቸው ነጠቀና፣ ሬዲዮ ላይ ስለ አማቱ ሲጠየቅ፣ እሳቸውማ አሁን አረፍ ብለው የልጅ ልጆቻቸውን የሚያጫውቱበት ጊዜ ነው ብሎ ሳቀ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። ሽማግሌው ሽንፈቱን ችለውት ነበር፤ ያቺ ሳቅ ግን አንጀታቸው ውስጥ ገብታ ቀረች። የዕረፍቱን ወራት ሙሉ የልጃቸውን ደጅ አልረገጡም።

ልጃቸው ነርስ ናት። ከሥራ ስትወጣ መጀመሪያ አባቷ ጋ ጎራ ብላ የደም ግፊታቸውን ትለካለች፤ ከዚያ ወደ ባሏና ወደ ልጆቿ ትሄዳለች። አንዱ ጋ የሌላውን ስም ማንሳት ከተወች ሰነባብታለች። ስለ ጨዋታው ስትጠየቅም የምትለው አንድ ነገር ብቻ ነበር፦ "ማንም ቢያሸንፍ እኔ ቤት አንድ ኩርፊያ አይጠፋም።"

ከሰዓት በኋላ ስታዲየሙ እንደ ምድጃ ጋለ። ወደ ሜዳ መውጫው ላይ አማቾቹ ለካሜራ ሲሉ በጣት ጫፍ ተጨባበጡና ወደየወንበራቸው ሄዱ። ጨዋታው ራሱ ድካም ድካም ይላል። ተጫዋቾቹ ከዕረፍት የመጡ ስለሆኑ እግራቸው ገና አልተፍታታም፤ ኳሷ መሐል ሜዳ ላይ ከእግር ወደ እግር ትንከባለላለች፤ ተመልካቹም በጋዜጣ ፊቱን ያራግባል። ሽማግሌው ግን እንደ ልማዳቸው ሜዳ ዳር ቆመዋል። ከዕረፍት መልስ ተከላካያቸው ቦታውን ለቆ ሲወጣ ሊጠሩት አፋቸውን ከፈቱ፤ ድምፅ አልወጣም። የሜዳው አረንጓዴ ነጣባቸው። የተጠባባቂዎቹን ጥላ የተሸከመውን ብረት ያዙ።

ረዳታቸው ዓይኑ ኳሷ ላይ ነበር። ያያቸው ሽቦ ነው። ሰውየው ብረት የመደገፍ አመል እንደሌላቸው ያውቃል። የራሱን መስመር አልፎ ሲሮጥ አራተኛው ዳኛ እጁን ዘርግቶ ከለከለው፤ ገፍቶት አለፈ። የሽማግሌው ተጠባባቂዎች ለጠብ የመጣ መስሏቸው ግር ብለው ተነሡ፤ አንዱ አንገትጌውን ያዘው። ሽቦ እንደ ምንም ተላቅቆ ሊወድቁ ሲሉ ደረሰና በብብታቸው ይዞ አስቀመጣቸው። ዋናው ዳኛ ያየው ግፊያውን ብቻ ስለነበር ሮጦ መጥቶ ቀይ ካርድ መዘዘ። ስታዲየሙ አማቱን ሊደበድብ የሄደ መስሎት ሽቦን በፉጨት አዋከበው። እሱ ቀና ብሎም አላየ። ሽማግሌውን ደግፎ ወደ ውስጥ ይዟቸው ገባ።

የሕክምናው ክፍል ከተመልካቹ መቀመጫ ሥር ነው፤ መስኮት የለውም፣ ጣሪያው በእግር ኮቴ ይደልቃል። ሐኪሙ ግፊታቸውን ለክቶ ከንፈሩን ነከሰ። ግሉኮስ ሰቀለላቸው፣ መድኃኒት ሰጣቸው። ልባቸው ደህና መሆኑን፣ ግን ከዚህ በኋላ ቀልድ እንደሌለ ነገራቸው። ሜዳ ላይ ሌላ ሰው ስለወደቀ ተጠርቶ ሄደ። ሁለቱ ብቻቸውን ቀሩ።

"ቀይ አሳዩህ?" አሉ ሽማግሌው ዓይናቸውን ሳይገልጡ።

"አሳዩኝ።"

"ደግ አደረጉ።"

ሽቦ ሳቅ አለና ተወው። ቆይተው ሽማግሌው ሬዲዮ ላይ የተናገረው ነገር ከልቡ እንደሆነ ጠየቁት። የለበሰው ሸሚዝ አንገትጌው ተቀዶ ተንጠልጥሏል፤ እሱን ሲያስተካክል ቆየ።

"ቃሉ የልጅዎ ነው፣ አባባ" አለ በመጨረሻ። "ግፊታቸው አልወርድ አለ፣ አንድ ቀን ከሜዳ ሬሳቸውን ያመጡልኛል እያለች ታለቅስብኝ ነበር። እኔ ደግሞ ያን ቀን ልቤ አብጦ የእሷን ጭንቀት ቀልድ አደረግኩት።"

"የእሷ መሆኑን ለምን አልነገርከኝም?"

"እኔን ቢያኮርፉ ይሻላል ብዬ ነዋ። እሷን ካኮረፉ ግፊትዎን ማን ይለካል?"

ሽማግሌው የሚቆጡበት አቅም ፈለጉ። ወራቱን ሙሉ ሲቀልቡት የኖሩት ንዴት ነበር፤ አሁን ሲጠሩት አልመጣም። ልጃቸው ክንዳቸው ላይ ጨርቁን ስትጠቀልል፣ ቁጥሩን አይታ "ደህና ነው" ስትላቸው፣ ፊቷን ወደ ቦርሳዋ ትመልስ እንደነበር ትዝ አላቸው። አይተውት ነበር። ለማወቅ አልፈለጉም እንጂ።

በዚህ መሐል ጣሪያው ተናወጠ። ጎል ገብቷል። ሽቦ ከወንበሩ ብድግ ብሎ ጆሮውን ቢያቆምም የማን እንደሆነ አልለየለትምና ተመልሶ ተቀመጠ።

"የአንተ ልጆች ናቸው የእኔ?"

"እንጃ።"

ሐኪሙ ሲመለስ ከማዕዘን ምት በጭንቅላት የገባች፣ የእሳቸው ቡድን ጎል መሆኗን አበሠራቸው። ሽቦ ቅርቡን የጎል ቋሚ ያዙ ብዬ ስንቴ ልንገራቸው ብሎ በረጅሙ ተነፈሰ።

ጨዋታው በዚያችው ጎል አለቀ። ተጫዋቾቹ ላብ በላብ ሆነው ዋንጫውን ይዘው ገቡ፤ አምበሉ ከእሳቸው ጋር ፎቶ እንነሣ አለ። ሽማግሌው አንድ በአንድ አመሰገኗቸውና ሕዝቡ እየጠበቃችሁ ነው፣ ሂዱ አሏቸው። ዋንጫውን አልነኩትም። በሩ ሲዘጋ ልብሳቸውን እንዲያቀብላቸው ሽቦን ለመኑት፤ ጫማቸውንም ያሰረላቸው እሱ ነው።

መኪናው ውስጥ ገና ከግቢው ሳይወጡ እንቅልፍ ወሰዳቸው። ሽቦ ወደ ራሱ ቤት ነዳ። ልጃቸው ሽቦ ደውሎላት ሥራዋን ለባልደረባዋ ትታ ቀድማቸው ደርሳ ነበር፤ በሩ ላይ አባቷን ስታይ ክንዳቸውን ይዛ አስገባቻቸው። ሽማግሌው በልጅ ልጆቻቸው አልጋ ላይ፣ እግራቸው ከጫፉ አልፎ፣ ተኙ።

ሽቦ ጥቂት ጨዋታዎች ታገደ፤ ክለቡም ከወቀሳ አልማረውም። ሽማግሌው ሲበረቱ ራሳቸው ወደ ክለባቸው ቢሮ ሄደው ተተኪ እስኪገኝ ብቻ እንደሚቆዩ ተናገሩ። ሥራ አስኪያጁ በጥሞና ሰማቸው፤ ውሳኔያቸውን እንደሚያከብር ገለጸላቸውና ቆሞ ጨበጣቸው። እባክዎ ይቆዩልን ያለ ግን ማንም አልነበረም። ደረጃውን ሲወርዱ እፎይ ብለው ነበር፤ ያቺ ነገር ግን ትንሽ ከነከነቻቸው።