እኩል ጎማ

መስከረም 18 ቀን 2000 ዓ.ም.፣ የመስቀል ማግስት ቅዳሜ፣ ከዴንቨር አጠገብ ካለችው ከቶርንተን ከተማ በስተሰሜን ባለው የመኪና ውድድር ሜዳ የነበሩት እነዚህ ናቸው፦ ሾፌሩ እንዳልክ፣ እህቱ ፀሐይነሽ፣ የመኪናው ባለቤት ሎሬታ እና ጋሽ ዑቕባይ። ሌላ ሦስት ሺህ ያህል ሕዝብም ነበር፤ ሕዝቡ ግን በዚህ ነገር ውስጥ የለበትም።

የዚያን ቀን የሚወሰን አንድ ነገር ነበር። ሎሬታ ስቶክ ካር የሚባሉ፣ በሞላላ የአስፋልት ሜዳ የሚወዳደሩ ሁለት መኪናዎች አሏት። እንዳልክ የሚነዳው ሁለተኛውን፣ ከአንደኛው የተረፈ ሞተር የሚገባለትን ነው። በዓመቱ መዝጊያ ውድድር ከአምስተኛ ካልወረደ በሚመጣው ዓመት አንደኛውን መኪና ከነደመወዙ እንደምትሰጠው ቃል ገብታለታለች። ያ ከሆነ ሰባት ዓመት ከዴንቨር አየር ማረፊያ ሰው ሲያመላልስበት የኖረውን ታክሲ ይሰናበታል።

"ፕሮሚስ ያደረገችልህ በወረቀት ነው በአፍ?" አለችው ፀሐይነሽ።

"በአፍ።"

"በአፍማ እኔም አንደኛውን መኪና ሰጥቼሃለሁ።"

"ሂጂ ወዲያ! ሄደሽ አጥሩ ጋ ቁሚ።"

ፀሐይነሽ እዚያው አየር ማረፊያ ተሽከርካሪ ወንበር ትገፋለች። ለዚህ ቀን ስትል ተራዋን ከሥራ ጓደኛዋ ቀይራ ነው የመጣችው። "እኔ በቀን ስምንት ማይል ሰው እየገፋሁ እሄዳለሁ" አለች እየሄደች፣ "አንድ ቀን እንኳ ያጨበጨበልኝ የለም።"

እንዳልክ ውድድር የጀመረው አስፋልት ላይ አልነበረም። በ1993 ዓ.ም. ኦሪጅናል ኦሮራ በሚባለው ሰፈር ውስጥ፣ ከኮልፋክስ ጎዳና ጀርባ በተከራዩት ጠባብ ጋራዥ፣ እሱና ጋሽ ዑቕባይ አንድ ያረጀ ቶዮታ ፒክአፕ ፈታትተው እንደገና ገጠሙ። ጋሽ ዑቕባይ አስመራ ተወልደው፣ በአማርኛ ተምረው፣ ሃያ ዓመት በአሰብ መንገድ ተሳቢ የነዱ ሰው ናቸው። ኦፍ ሮድ በሚባለው የበረሃ ውድድር ከሾፌሩ በስተቀኝ ሌላ ሰው ይቀመጣል፤ ሥራው መሬቱን እያነበበ መናገር ነው። ጋሽ ዑቕባይ ደግሞ አሸዋን ከሩቅ ያነቡታል።

"ግራ! ግራ እኮ ነው የምልህ፣ አንተ ደንቆሮ! ውሃ የሄደበት ነው፣ ሥሩ ባዶ ነው!"

እንዳልክ ወደ ግራ ይጠመዝዛል። ከኋላ የሚመጣው ባዶው ውስጥ ይሰምጣል። በእነዚያ ዓመታት የእንዳልክ ሕግ አንድ ብቻ ነበር፤ ከቀኝ ወንበር የመጣ ቃል አይመረመርም። በ1996 ኔቫዳ በረሃ ላይ ከምድባቸው ሁለተኛ ወጡ፤ በ1997 አንደኛ።

ሎሬታ ያየችው ያኔ ነው። ቶርንተን ውስጥ የጭነት መኪና ጋራዥ ያላት፣ ስልሳ ዓመት ያለፋት፣ ቃል የማታበዛ ሴት ናት። "አሸዋ ላይ እንዲህ የሚይዝ እጅ አስፋልት ላይ ምን እንደሚሠራ ማየት እፈልጋለሁ" አለችው። እሱም እሺ አለ። ስቶክ ካር ውስጥ ግን ያለው ወንበር አንድ ብቻ ነው።

ጋሽ ዑቕባይ ሁለት ዓመት ሙሉ ቅዳሜ ቅዳሜ እየመጡ አጥሩ ሥር ቆመው ያያሉ። "ልጄ፣ ይሄ መንገድ አይደለም" ይላሉ። "ሴትዮዋ አውድማ ላይ እንደሚያበራይ በሬ ነው ያደረገችህ። እኔ ይሄን ያህል ብዞር አሰብ ደርሼ፣ ጭኜ፣ ተመልሼ ነበር።" ይህን እያሉም አንድ ቅዳሜ ቀርተው አያውቁም።

የዚያን ቀን ከሎሬታ ሦስት መካኒኮች አንዱ ታሞ ቀረ። ሎሬታ ሽማግሌውን ከአጥሩ ጠራቻቸውና የቡድኑን ሰማያዊ ሸሚዝ ሰጠቻቸው። ደረቱ ላይ የመኪናው ቁጥር፣ 42፣ ተጠልፎበታል። ጋሽ ዑቕባይ ከለበሱት ሸሚዝ በላይ ደረቡትና እስከ አንገታቸው ቆለፉት። ሙቀቱ ግን ሸሚዝ የሚያስደርብ አልነበረም።

ከዚያ በኋላ የሆነውን እንዳልክ የሰማው ቆይቶ ከፀሐይነሽ ነው። እሱ ከሾፌሮች ጋር ስብሰባ ላይ ነበር። ሁለቱ መካኒኮች ነዳጅ ለማምጣት ሲሄዱ "ጎማዎቹን እሰሩልን" ብለው አዲሶቹን ከነቸርኬያቸው ለጋሽ ዑቕባይ ትተውላቸው ሄዱ። እሳቸው ሳይለኩ የሚያስሩ ሰው አይደሉም። ከኪሳቸው ሜትር አወጡ። የኋላውን የግራ ጎማ ዙሪያውን ለኩ፤ የቀኙን ለኩ፤ እንደገና ለኩ። ከዚያ የቀኙን ወደ ጎን አንከባልለው መጠባበቂያዎቹ ወደተደረደሩበት ሄዱ።

"ምን እየሠሩ ነው፣ ጋሼ?" አለቻቸው ፀሐይነሽ።

"እነዚህ ልጆች ዓይን የላቸውም። የቀኙ ከግራው ሦስት ጣት ይበልጣል። እኩል ያልሆነ ጎማ ዲፈረንሻል ይበላል። በዚህ ብወጣ ኖሮ አዋሽ ሳልደርስ እቆም ነበር።"

"ልጥራልዎት?"

"ለምን? ልጆቹን ሰው ፊት ማሳፈር ምን ይጠቅማል? እኔ አስተካክዬ እተወዋለሁ።"

አስተካክለውም ተዉት። ከግራው ጋር እኩል የሆነ መርጠው አሰሩና ብሎኖቹን አንድ በአንድ አጠበቁ።

ሞላላው ሜዳ ላይ መኪና የሚታጠፈው ሁልጊዜ ወደ ግራ ነው። ስለዚህ የቀኙ ጎማ ሆን ተብሎ ተለቅ ይላል፤ መኪናው በራሱ ወደ ግራ እንዲያዘነብል። ይህን በሜዳው ያለ ሰው ሁሉ ያውቀዋል። ለጋሽ ዑቕባይ ግን የነገራቸው አልነበረም። እንዳልክም አልነገራቸውም። ለእሳቸው ስለ ጎማ ማስረዳት ለቄስ ዳዊት ማስጠናት ይመስለው ነበር።

ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ሃያ አራት መኪናዎች ወጡ። ውድድሩ ከመጀመሩ በፊት ሰልፉን ከምትመራ መኪና ኋላ ሁለት ዙር ቀስ ብለው ይዞራሉ። እንዳልክ ስድስተኛ ነበር። በቀጥታው መንገድ ላይ የመኪናው መሪ ወትሮ እጁን ወደ ግራ ይጎትተዋል፤ የዚያን ቀን ዝም አለ። የመጀመሪያው ኩርባ ላይ መኪናው አልታጠፍም ብሎ ወደ ውጭው ግድግዳ ሲገፋ ነገሩ ገባው። ወጣቶቹ መካኒኮች ይህን አይሳሳቱም፤ ጎማውን ያሰረው ማን እንደሆነ አልጠፋውም።

የሚደረገው ግልጽ ነበር። አሁኑኑ ወጥቶ ጎማውን ያስቀይራል፤ ከመጨረሻ ይነሳል። ውድድሩ መቶ ዙር ነው። በሐምሌ ከሃያኛ ተነስቶ አራተኛ ወጥቷል። አንድ ዓረፍተ ነገር በሬዲዮ መናገር ብቻ ነበር የሚያስፈልገው።

"መኪናው እንዴት ነው?" አለችው ሎሬታ በሬዲዮው።

ሎሬታና መካኒኮቹ ከቆሙበት ፊት ለፊት እያለፈ ነበር። አጠገባቸው እስከ አንገቱ የተቆለፈ ሰማያዊ ሸሚዝ አየ። ጋሽ ዑቕባይ ቀኝ እጃቸውን አንስተው በበረሃው እንደሚያደርጉት "ሂድ፣ ክፍት ነው" ይሉታል። ጎማው ሲፈታ ሁለቱ ወጣቶች ምን ብለው እንደሚስቁ፣ ሽማግሌው ያንን ሸሚዝ እንዴት እንደሚፈቱት ታየው።

"ደህና ነው" አለ።

"የሚያስቸግር ነገር ካለ አሁን ንገረኝ።"

"ደህና ነው።"

የማስጀመሪያው አረንጓዴ ባንዲራ ወረደ።

ሃያ አምስት ዙር የበረሃውን ዘዴ ተጠቀመ። ኩርባው ሳይደርስ ፍሬን ረገጥ አድርጎ የመኪናውን ኋላ ይወረውረዋል፤ እንቢ ያለውን አፍንጫ በግድ ያዞረዋል። ሕዝቡ ይህን ወደደለት። አምስተኛ ገባ፣ ከዚያ አራተኛ። ለጥቂት ዙሮች እንዲሁ የሚያልቅ መስሎት ነበር። አስፋልት ግን አሸዋ አይደለም፤ የበላውን ጎማ አይመልስም። በሠላሳ ስምንተኛው ዙር የፊት ቀኙ ጎማ መጨስ ጀመረ፤ በአርባ አንደኛው መኪናው ግድግዳውን ላሰው። የፊቱን ጎማ ብቻ አስቀይሮ ተመለሰና አሥራ አንደኛ ወጣ።

ሎሬታ አልጮኸችም። መኪናው ሲቆም ተንበርክካ የኋላ ጎማዎቹን በሜትር ለካች።

"ይህን ማን አሰረው?"

"እኔ" አሉ ጋሽ ዑቕባይ በእንግሊዝኛ፣ ደረታቸውን ነፋ አድርገው። "እኩል አልነበረም። እኩል አደረግኩት።"

አንደኛው መካኒክ ሳቀ። ሎሬታ ዞር ብላ አየችውና ሳቁን ዋጠው። ለምን እንደሚበላለጥ ለጋሽ ዑቕባይ በጣቷ መሬቱ ላይ ሞላላ ሥላ አሳየቻቸው። "ያልነገሩህ የእኔ ልጆች ናቸው፤ ጥፋቱ የእነሱ ነው" አለቻቸው። ከዚያ ወደ እንዳልክ ዞረች።

"አንተ መቼ አወቅክ?"

"ባንዲራው ከመውረዱ በፊት።"

"ጠይቄህ ነበር?"

"ሁለቴ።"

"ጎማ ይቀየራል" አለች ሎሬታ እየተነሳች። "መኪናዬ ምን እንደሆነ የማይነግረኝን ሾፌር ግን ምን ላድርገው?"



ወደ ኦሮራ የተመለሱት በታክሲው ነው። ጋሽ ዑቕባይ ከፊት ተቀመጡ።

"ለምን አልነገርከኝም?" አሉ ዴንቨር መግቢያ ሲደርሱ።

"ምን ብዬ?"

"'ተሳስተዋል' ብለህ!"

"እርስዎን? ሰው ፊት?"

"በረሃ ውስጥ ስንት ጊዜ ደንቆሮ ብዬሃለሁ?"

"እሱማ እርስዎ ለእኔ ነው።"

"እኔ መኪናው ዳነ ብዬ ስደሰት፣ አንተ ግድግዳ ስትገጭ! ሸሚዙ ምን ይሠራልኛል? ወንበሩ ነበር የሚያስፈልግህ።"

"ልጆቹን ሰው ፊት አላሳፍርም ያሉኝስ ማን ነበሩ?" አለች ፀሐይነሽ ከኋላ።

እንዳልክ ወደ ኮልፋክስ ለመታጠፍ ፍሬቻ አበራ።

ሰኞ ሎሬታ ደውላ አንደኛውን መኪና ከግሪሊ ለመጣ ሌላ ሾፌር እንደሰጠች ነገረችው። እንዳልክ አየር ማረፊያ የታክሲ ሰልፍ ላይ ነበር፤ አመስግኗት ስልኩን ዘጋ። በሚያዝያ ፒክአፑን ከጋራዡ አወጡት። ጋሽ ዑቕባይ በቀኙ ወንበር ተቀመጡ፤ በዚያ ዓመት የበረሃ ውድድር ከምድባቸው ሰባተኛ ወጡ።